«እንግዳ ቃል» እንግድነቱ ለማን ነው?

ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የሚያመራው መንገድ ጣርማ በር ሲደርስ፣ በጣሊያን ወረራ ዘመን በተፈለፈለው ዋሻ ያልፍና ከ3000 ሜትር በላይ ከሆነ ከፍታ ወደ ደብረ ሲና፣ ከዚያም ወደ ሸዋ ሮቢት ይወርዳል። በዚህ አጭር ጉዞ የሚለወጠው አየሩ ብቻ አይደለም። ገብሱ ቦታውን ለማሽላ ሲለቅ ቃሉም አብሮ ይለወጣል።

ብዙው የከተማ ጸሐፊ ይህን ቃል አያውቀውም፤ አለማወቁም አያሳፍረውም። ግጥሙ ጥልቅ እንዲመስልለት የሚሻው ከያኒ፣ ተናጋሪ ያጣውን ቃል ከመዝገበ ቃላት ቆፍሮ ያወጣና በግርጌ ማስታወሻ ደግፎ ያቆመዋል። ይኸው ሰው በሌላው ድርሰት ውስጥ «ሽልሻሎ» የሚል ቃል ቢያጋጥመው ግን «የባላገር ቃል ነው፤ አንባቢ አይገባውም» ብሎ ይሰርዛል። የሞተው ቃል ጌጥ፣ ሕያው የሆነው ነውር የሚባልበት ሚዛን ከወዴት መጣ?

ማሽላው ጉልበት ሲደርስ የቆላው ገበሬ በሬውን ጠምዶ በቡቃያው መካከል መልሶ ያርሳል። አረሙ ይገለበጣል፤ የበዛው ቡቃያ ይሳሳል፤ ትልሙም ዝናቡን ይይዛል። ሽልሻሎ ማለት ይህ ነው፤ ሦስት ሥራና የትውልድ ልምድ በአንድ ቃል ተቋጥሯል።

መዝገበ ቃላት በማዘጋጀት ባዕዳን ቀድመዋል፤ የኢዘንበርግ በ1841 እ.ኤ.አ. ለንደን፣ የጉይዲ በ1901 እ.ኤ.አ. ሮም ታትመዋል። የደስታ ተክለ ወልድ «ዐዲስ ያማርኛ መዝገበ ቃላት» በ1962 ዓ.ም.፣ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው የኢትዮጵያ ቋንቋዎች ጥናትና ምርምር ማዕከል ሥራ ደግሞ በ1993 ዓ.ም. ለንባብ በቅተዋል። ድካማቸው የሚናቅ አይደለም። ሥራው ግን አላለቀም። «የእህል ስም» ብሎ ማለፍ ፍቺ ሊሆን አይችልም፤ ፍሬው የሚፈለገውን ዘንጋዳና አገዳው የሚመጠጠውን ጥንቅሽ የማይለይ ፍቺ ገበሬውን አያውቀውም።

«ቅኔስ ረቂቅ አይደለምን?» የሚል ይኖራል። ነው፤ ነገር ግን ሰሙ ያልታወቀ ቅኔ ወርቁ አይገኝም። ረቂቅነት በሚታወቅ ነገር ላይ ይገነባል እንጂ በማይታወቅ ቃል አይሸፈንም።

ከሁሉ የከፋው ጥፋት በመማሪያ ክፍል የሚፈጸመው ነው። ልጅ ከእናቱ የሰማውን ቃል በደብተሩ ሲጽፍ መምህሩ በቀይ ቀለም ከሰረዘበት፣ የተማረው ቋንቋ ሳይሆን ኀፍረት ነው። ኀፍረት የገባበት ቃል ለልጅ ልጅ አይተርፍም። ማስረጃው ሩቅ አይደለም፤ በዚያው ተረተር ግርጌ የሚኖሩት አርጎባዎች አብዛኞቹ ዛሬ አፋቸውን የሚፈቱት በአማርኛ ወይም በኦሮምኛ ነው። አርጎብኛ ደግሞ የአማርኛ የቅርብ እኅት ናትና፣ እርሷ ስትጠፋ የአማርኛን የጨለመ ቃል የምታበራ መብራትም አብራ ትጠፋለች።

እንግዲህ መምህሩ ቀዩን ቀለም ያስቀምጥና ተማሪውን ወደ አያቱ ይላክ፤ ቃሉን ማን፣ የት፣ ለየትኛው ሥራ እንደሚናገረው ይመዝገብ። ካድሬው በስብሰባ ላይ የባዕድ ቃል ከመደርደሩ በፊት የተሰብሳቢውን ቃል ይስማ። ከያኒውም ገበሬውን ማማው ላይ፣ ወንጭፉን በእጁ፣ ግሪሳውን በሰማይ ያሳይ፤ ያን ጊዜ ቃሉ የግርጌ ማስታወሻ አያሻውም።