ሻሪ የሌለው ሹመት

ሰውን የሚያስከብረው ሹመቱ ነው የሚሉ አሉ፤ እኔ ግን በወገን ቋንቋ ለወገን የተሠራ ሥራ ነው እላለሁ። ምስክሬም ኤጲስ ቆጶስ ሳሙኤል አጃዪ ክራውዘር ናቸው።

እኒህ የዮሩባ ተወላጅ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1821 በልጅነታቸው ተማርከው ለባርነት ተሸጡ፤ በ1822 የእንግሊዝ የጦር መርከብ አስጥሎ ወደ ሴራሊዮን ወሰዳቸው። በትምህርት በርትተውም በ1864 ከጥቁር አፍሪካውያን የመጀመሪያው የአንግሊካን ኤጲስ ቆጶስ ሆኑ። በስተርጅናቸው ግን ወጣት አውሮፓውያን ሚሲዮናውያን ሥልጣናቸውን ሸረሸሩባቸው፤ በ1891 ሲያርፉም ወንበራቸው ለአውሮፓዊ ተሰጠ። በእርሳቸው መሪነት የተተረጐመውን የዮሩባ መጽሐፍ ቅዱስ ግን ከወገናቸው የነጠቀ የለም።

እንግዲህ ጓደኞቼ ሆይ፣ በእንግሊዝኛ የምንማረውን ዕውቀት በየቋንቋችን ጽፈን ለወገኖቻችን ብናደርስ፣ ሻሪ የሌለው ሹመት እርሱ ነው።