የጊንጪ ጥያቄ የካሳ ብቻ አልነበረም

ኅዳር 2 ቀን 2008 ዓ.ም. የጊንጪ ተማሪዎች ለተቃውሞ ሲወጡ ቁጣቸውን የቀሰቀሰው የአንድ ኳስ ሜዳና የጭሊሞ ደን ጉዳይ ነበር፤ ለባለሀብት ሊሰጡ ነው በመባሉ። ሰፊው ስጋት ግን ቀድሞ የመጣ ነው። አዲስ አበባን ከሆለታ፣ ከቡራዩ፣ ከሰበታና ከሌሎች የኦሮሚያ ከተሞች ጋር ያቀናጃል የተባለውን ማስተር ፕላን በመቃወም በሚያዝያ 2006 አምቦ አደባባይ ወጥታ ነበር። የጸጥታ ኃይሎች በተኮሱት ጥይትም ተማሪዎችና ነዋሪዎች ሕይወታቸውን አጥተዋል።

ማስተር ፕላኑ በጥር 2008 እንዲቆም ተወሰነ። መሬት የሚወሰድበት ሥርዓት ግን ከፕላኑ ጋር አልቆመም።

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው ሲል ለአርሶ አደሩ ከይዞታው ያለመነቀል ዋስትና ይሰጣል፤ በዚያው አንቀጽ ደግሞ ለሕዝብ ጥቅም ካሳ ከፍሎ ንብረት መውሰድን ይፈቅዳል። በ1997 የወጣው አዋጅ ቁጥር 455 ለዘለቄታው ለሚፈናቀል ገበሬ የአምስት ዓመት አማካይ ዓመታዊ ገቢውን 10 እጥፍ ያስብ ነበር። በ2011 የተተካው አዋጅ ቁጥር 1161 ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ሳይገኝ ሲቀር፣ ከሦስት ዓመት ከፍተኛውን ገቢ በ15 ያባዛል። ይህ ለገበሬው እውነተኛ መሻሻል ነው።

ሆኖም ስሌቱ የሚያውቀው ዓመታዊ ገቢን ነው። የጤፉ ኩንታልና ጭዱ ይቆጠራሉ። ልጆች የሚጫወቱበት ሜዳ ስንት ኩንታል ያወጣል? ጭሊሞስ? በዙሪያው ያሉ ገበሬዎች በ1990ዎቹ በማኅበር ተደራጅተው ደኑን ለመጠበቅና ለመጠቀም ከመንግሥት ጋር የተስማሙበት ነው። የጊንጪ ልጆች የተነሡት የማንም የግል ገቢ ላልሆነ መሬት ነበር።

አዲሱ አዋጅ የወል መሬትን አልረሳውም፤ ካሳው በአጠቃቀሙ ወይም በሚቀረው ጥቅም ላይ ተመሥርቶ እንዲሰላ ያዝዛል፤ አከፋፈሉን ለክልሎች መመሪያ ይተዋል። ተነሺዎች መሬቱን ከማስረከባቸው ቢያንስ ከአንድ ዓመት በፊት እንዲወያዩም ይደነግጋል። የውይይቱ ርእስ ግን የፕሮጀክቱ ዓይነት፣ ጥቅምና አጠቃላይ ሂደት ነው። ሜዳው ይሰጥ ወይስ አይሰጥ የሚለው አልተጠቀሰም፤ ቀበሌው እንቢ ቢል ምን እንደሚሆንም እንዲሁ።