የተገለጠባትና የገለጠባት

በኢንዶኔዥያ፣ በሎምቦክ ደሴት፣ በማታራም ከተማ በአንድ ትምህርት ቤት ታገለግል የነበረች ባለትዳር ሴት፣ የትምህርት ቤቱ አለቃ ስልክ እየደወለ የገዛ ዝሙቱን ሲያወራላት፣ ከሐሜት የሚያነጻት ምስክር ይሆናት ዘንድ ድምፁን ቀርጻ አስቀመጠች፤ ቅጂው በባልንጀራ እጅ ወጥቶ በተሰራጨ ጊዜ ግን በፍርድ አደባባይ የቆመችው ያንን ነውር በግድ የሰማችው እርሷ ሆነች። የማታራም ችሎት በ2017 እ.ኤ.አ. በነጻ ቢያሰናብታትም፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በማግሥቱ ዓመት ያንን ፍርድ ሽሮ፣ በኤሌክትሮኒክ መረጃ ሕግ መሠረት ከግብረ ገብነት የወጣ ነገር አሰራጭታለች ሲል የ6 ወር እስራትና የ500 ሚሊዮን ሩፒያ መቀጮ በየነባት፤ ከዚህም ያወጣት የሕዝብ ጩኸትና ፕሬዚዳንት ጆኮ ዊዶዶ በ2019 በምክር ቤቱ ፈቃድ ያደረጉላት ምሕረት ነው። ምሕረት ግን ለበደለኛ የሚሰጥ ነው፤ እርሷ ምን በድላ ነበር?

የነገሩ ሥር በዳኞች ወንበር ብቻ የሚገኝ አይመስለኝም። ኢንዶኔዥያውያን ነውርን ከዐረብኛ በወረሱት ቃል አኢብ ይሉታል፤ የሃይማኖት መምህሮቻቸውም የባልንጀራን አኢብ መሸፈን ታላቅ ምግባር መሆኑን ያስተምራሉ። ይሁን እንጂ የአንዲት ሴት ገመና የተቀረጸበት ቪዲዮ በስልክ በወጣ ቁጥር፣ ለሥነ ምግባር ተቆርቋሪ ነኝ ባዩ በአንድ አፉ እርሷን እየረገመ በዚያው አፉ «ሊንኩን ላኩልኝ» ይላል። ኢንተርኔት ገና ባልተስፋፋበት በ2003 እንኳ፣ ዳንግዱት የሚባለውን የአገሬውን ዘፈን የምትዘፍነው የምሥራቅ ጃቫዋ ኢኑል ዳራቲስታ ወገቧን እንደ መሰርሰሪያ በማሾሯ የተግሣጽ መዓት ሲወርድባት፣ ውዝዋዜዋ የተቀዳበት ሲዲ በየገበያው ይቸበቸብ ነበር። እኛም በኦሪት እንዳነበብነው፣ ኖኅ በተራቆተ ጊዜ ሴምና ያፌት የኋሊት ተራምደው አባታቸውን ሸፈኑ፤ ርግማኑ የወረደው አይቶ ባወራው በካም ወገን ነው። እንግዲህ እነዚያን እየረገሙ የሚያዩ ኢንዶኔዥያውያን የምወቅሳቸው በባዕድ ሕግ ሳይሆን አኢብን ሸፍን በሚለው በገዛ ትምህርታቸው ነው።

በኢንዶኔዥያ በ2022 የወጣው የወሲባዊ ጥቃት ሕግ፣ ያለ ፈቃድ የሰውን ገመና የሚቀርጸውና የሚያሰራጨው እንዲቀጣ ስላዘዘ ልቤ ደስ ብሎታል። በዚያው ዓመት ጸድቆ ከ2026 ጀምሮ የሚጸናው አዲሱ የወንጀለኛ መቅጫ ግን፣ ከጋብቻ ውጭ የሚደረገው ሩካቤ የትዳር ጓደኛ፣ ወላጅ ወይም ልጅ ሲከስ እስከ 1 ዓመት እስራት ሊያስቀጣ እንዲችል አድርጎታል፤ ስለዚህ ገመናዋ የወጣባት ልጃገረድ በአንደኛው ሕግ ከሳሽ ለመሆን ስትነሣ፣ በሁለተኛው ሕግ የገዛ አባቷ እንዳይከሳት መፍራቷ አይቀርም።