ደንገሉ ከየት ይመጣል?

የቅጂን ነገር ለማንሣት እኔ የምኖርበት ጀሞ ምቹ ሠፈር ነው። በኮንዶሚኒየሞቻችን ሳሎን ቡና ሲፈላ ወለሉ ላይ የሚነጠፈው በአብዛኛው ፕላስቲክ ሣር ነው። ቄጠማ ከሩቅ ይመጣል፥ ይደርቃል፥ ይጠረጋል፤ ፕላስቲኩ ግን ይታጠባል፥ ይጠቀለላል፥ ከሶፋው ጀርባ ይቆማል። በዚህ አላፌዝም። ውኃ በፈረቃ በሚመጣበት አራተኛ ፎቅ ላይ የረገፈ ቄጠማ መጥረግ ምን እንደ ሆነ አውቃለሁ። የምለው ሌላ ነው። ፕላስቲክ ሣር የሚያነጥፍ ሰው ቄጠማን የረሳ አይደለም፤ ቄጠማው የራቀው ነው። ቅጂ የሚወለደው ዋናው ሲርቅ ወይም ሲሞት ነው። አንባቢዬ ይህችን ይያዝልኝ።

ሰሞኑን በዚሁ የቡና ወግ ላይ አንድ ኀሳብ ተደጋግሞ ይነሣል፤ ጣና ላይ የጥንት መርከብ ቅጂ ይሠራ የሚል ነው። የዐፄ ካሌብ መርከብ፤ ባለ ሸራ፥ ባለ ምሰሶ፥ ጎብኚ ተሳፍሮበት ሙዚቃ እየሰማ ከባሕር ዳር ወጣ ብሎ የሚመለስበት። ከዓረብ አገር የመጡ ልጆች የዱባይን የማታ መርከብ በስልካቸው ያሳያሉ፤ ትልልቆቹም «እኛስ ምን ያንሰናል?» ይላሉ። ከጥቅምት 2016 ዓ.ም. ወዲህ ስለ ባሕር በር የማይናገር ሰው በታጣበት አገር የመርከብ ናፍቆት ሳሎን ድረስ ቢገባ አይደንቅም። እኔ ግን ተቃዋሚ ነኝ። ተቃውሞዬን ምቀኝነት ያሉት ጎረቤቶች ስላሉኝ ምክንያቴን በጽሑፍ አኑሬዋለሁ።

መቼም የማያውቁትን መንቀፍ ነውር ነው፤ እኔም ተሳፍሬበታለሁ። ታላቅ እህቴ ዱባይ ሰው ቤት ተቀጥራ ትሠራለች። ልጠይቃት በሄድኩ ጊዜ በዕረፍት ቀኗ ወደዚያ የወሰደችኝም፥ የከፈለችልኝም እሷ ናት። መርከቡ ከእንጨት የተሠራ ነው፤ ቅርጹም በዚያ ባሕረ ሰላጤ ዕንቁ ጠላቂዎችንና የቴምር ነጋዴዎችን ያመላልስ የነበረውን የጥንቱን ጀልባ የመሰለ። ምሰሶ አለው፤ ሸራ ግን የለውም፤ በሸራው ፈንታ ከጫፍ እስከ ጫፍ አምፖል ተንጠልጥሎበታል። ከምግብ ሳህኑ በታች የሞተሩ ንዝረት ይሰማል። ሰው ሁሉ ቡፌው ላይ ተሰልፏል። የድሮ መርከበኛ ልብስ ከለበሱት አስተናጋጆች አንዱ የአገሬ ልጅ፥ የደሴ ሰው ሆኖ ተገኘ። «ወንድሜ፥ ይህ መርከብ ከምን እንጨት ነው የተሠራው?» አልኩት። «እሱን እንኳ አላውቅም፥ ጋሼ፤ እኔ የምግቡ ነኝ» አለኝ፤ ቀጥሎም ድምፁን ዝቅ አድርጎ ልብሱ እንደሚሞቀው ነገረኝ።

የእህቴን ደስታ አልነቅፍም። በዚያች ማታ የተነሣችው ፎቶግራፍ እናታችን ቤት በፍሬም ተሰቅሏል፤ ለዓመታት የሰው ወለል የወለወለች ሴት ሁለት ሰዓት ተቀምጣ ብትስተናገድ ደስታዋ ደስታዬ ነው። ነገር ግን ያ መርከብ ስለ መርከብ አንዳች አላስተማረኝም። ከተሳፈርነው ውስጥ ነፋስ ከየት እንደሚነፍስ የጠየቀ አልነበረም፤ መጠየቅም አያስፈልግም ነበር። ራት ቤት ነው፤ የሚንሳፈፍ ራት ቤት።

የቅጂ ሁሉ ዓይነቱ አንድ አይደለም። ኦማኖች ከኢንዶኔዥያ ባሕር በተገኘ የ9ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ስባሪ አምሳል «የመስቀጥ ዕንቁ» ያሏትን መርከብ ያለ ምስማር፥ ሳንቃውን ከሳንቃው በኮኮናት ጭረት ገመድ እየሰፉ ሠሩ። እ.ኤ.አ. በ2010 በሸራ ከኦማን ተነሥታ ሲንጋፖር ገባች። የገመዱ ስፌት ምን ያህል ማዕበል እንደሚችል በሌላ መንገድ ማወቅ አይቻልም ነበር። እንዲህ ያለው ቅጂ ጥያቄ ነው፤ ሠርቶ፥ ተሳፍሮ፥ ለመስመጥም ቆርጦ የሚጠየቅ ጥያቄ።

ከእንዲህ ያሉት ጥያቄዎች ሁሉ ስሙ የገነነው ደግሞ ከእኛው ጣና ጋር የተያያዘ ነው። ኖርዌያዊው ቶር ሄየርዳል የጥንት ግብጻውያን በደንገል መርከብ ውቅያኖስ ማቋረጥ ይችሉ ነበር ብሎ ተነሣ። ለሙከራው የሚበቃ ደንገል ግብጽ ውስጥ አላገኘም፤ ያገኘው ጣና ላይ ነው። የጣና ደንገል ታጭዶ፥ ደርቆ፥ ታስሮ ግብጽ ድረስ ተጓዘ፤ በፒራሚዶቹ ግርጌም መርከብ ሆነ። «ራ» ተባለች። በግንቦት 1961 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1969) ከሞሮኮዋ የሳፊ ወደብ ሰባት ሰዎች ይዛ ተነሣች።

«ራ» ባርቤዶስ ሳትደርስ ቀረች፤ አቀራረቧ ግን ከመድረስ የማያንስ ትምህርት ነበረው። በጥንቶቹ ሥዕሎች ላይ ከተቆለመመው የመርከቧ የኋላ ጫፍ ወደ ወለሏ የሚወርድ ገመድ ይታያል። የዘመናችን ሰዎች ገመዱ ጫፉን ለማቆልመም ብቻ የታሰረ መስሏቸው አስወገዱት። ውቅያኖሱ ላይ የኋላዋ እየዘቀጠ ውኃ ሲገባባት ያ ገመድ ጌጥ ሳይሆን የመርከቧ ጅማት እንደ ነበር ተረዱ። ሺሕ ዓመታት በሥዕል ላይ ሲታይ ኖሮ ማንም ያላነበበው እውቀት ነው። በዓመቱ እንደገና በጣና ደንገል «ራ 2» ተሠራች፤ በ57 ቀን ባርቤዶስ ገባች። ዛሬ ኦስሎ፥ ኮን-ቲኪ ሙዚየም ውስጥ ተቀምጣለች። የጣናን ደንገል በክብር ተቀምጦ ለማየት የሚሻ ሰው እንግዲህ ኖርዌይ ይሂድ።

ቁጭቴ ከዚህ ይጀምራል። የመጀመሪያዋን «ራ» የሠሩት እጆች ከቻድ ሐይቅ የመጡ ናቸው፤ የሁለተኛይቱን ደግሞ የቦሊቪያ የቲቲካካ ሐይቅ ሰዎች ሠሯት። ሁለቱም ክብር ይገባቸዋል፤ ሄየርዳልም የመረጠው በዓይኑ አይቶ የወደደውን ሥራ ነው። ደንገሉ የእኛ፥ እጁ የሌላ። ያኔ ጣና ዳር የታንኳ ሠሪ እጅ አልጠፋም ነበር፤ ዛሬም አልጠፋም። የነገደ ወይጦ ሰዎች ናቸው።

ስለ ወይጦ ስናወራ የምናወራው ጉማሬ ይበሉ እንደ ነበር ነው። በዚያ ምክንያት አብሯቸው የማይበላ፥ የማይጋባቸው ትውልድ ስንት ነው! የራሳቸው ቋንቋ ነበራቸው፤ ጠፍቶ ዛሬ የሚናገሩት አማርኛ ነው። ለዚያ ቋንቋ ቅጂ የሚሠራለት የለም። የቀራቸው ሐይቁ፥ ደንገሉና እጃቸው ነበር። ባሕር ዳር ስታድግ የሐይቁ ዳር ሆቴልና መዝናኛ ሆነ፤ እነሱ ወደ ኋላ ተገፉ። ደንገሉ ለእርሻና ለግንባታ ተመነጠረ። ከ2004 ዓ.ም. አካባቢ ጀምሮ ደግሞ እምቦጭ መጥቶ በሐይቁ ዳር ተንሰራፋ። ጣና በ2007 ዓ.ም. በዩኔስኮ የባዮስፌር ክልል ተብሎ ተመዝግቧል፤ መዝገቡ ግን ደንገል አያበቅልም።

ታንኳን ከሌላው ዕቃ የሚለየው አንድ ጠባይ አለ። ሙዚየም አይሆንም። ደንገሉ ውኃ እየጠጣ ይከብዳል፤ ከውኃ እየወጣ መድረቅ አለበት፤ ያም ሆኖ ከጥቂት ወራት በላይ አያገለግልም። ሠሪው በዓመት ደጋግሞ ካልሠራ ታንኳ የለም። ስለዚህም ጥበቡ በሕይወት የኖረው ባለመቋረጡ ብቻ ነው፤ አያት ሲሠራ ልጅ አይቶ፥ ልጅ ሲሠራ የልጅ ልጅ አስሮ። ደንገሉ ለአንድ ትውልድ ቢጠፋ እጁ አብሮ ይጠፋል። ከዚያ በኋላ የሚቀረን ለጎብኚ የሚሸጠው፥ በመዳፍ የሚያዘው የመታሰቢያ ታንኳ ነው፤ ተጠንቅቆ የተሠራ፥ ደረቅ፥ ውኃ የማያውቅ።

ወደ ገዳማቱ በሞተር ጀልባ የተጓዘ ሰው የምለውን ያውቃል። እኔ በተሳፈርኩባት ዕለት ነጂው ከአንድ ታንኳ አጠገብ ሲደርስ ሞተሩን ቀነሰ፤ ፎቶ እንድናነሣ ነው። ታንኳው ማገዶ ተጭኗል፤ ቀዛፊው ግማሽ እግሩ ውኃ ውስጥ ነው። ሁላችንም አነሣን። ሰውዬው ቀና ብሎ አየን፥ ዝም ብሎም መቅዘፉን ቀጠለ። ለጀልባው ከከፈልነው ገንዘብ ሳንቲም አልደረሰውም፤ የጉዞው ጌጥ ግን እሱ ነበር። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልሉ በተነሣው ጦርነት ጎብኚ ሲጠፋ የፎቶው ገበያ ተቀዛቀዘ፤ ታንኳ ግን ጎብኚን ጠብቆ ውኃ ገብቶ አያውቅም።

በ2017 ዓ.ም. «ጣናነሽ 2» የተባለችው መርከብ በመኪና ተጭና ከጂቡቲ ወደ ጣና ስትጓዝ ሕዝቡ በየከተማው መንገድ ዳር ወጥቶ ሸኝቷታል። እኔም በስልኬ ተከታትያለሁ፤ ያስቃልም፥ ያስደንቃልም፤ ተራራ የምትወጣ መርከብ! ሐይቁ የሰው ማመላለሻ ያስፈልገዋልና ክፉ አልናገርም። ግን ያን ሁሉ ጭብጨባ ሳይ ለአንድ የደንገል ሸክም እንዲህ የሚወጣ ሰው ይኖር ይሆን ብዬ አሰብኩ።

አሁን ወደ ዐፄ ካሌብ መርከብ እንምጣ። ንጉሡ እ.ኤ.አ. በ525 ገደማ ወደ ሒምያር ሲዘምት የተሰበሰቡትን መርከቦች የሰማዕታተ ናግራን የግሪክኛ ታሪክ ይዘረዝራል። 60 ያህሉ የነጋዴ መርከቦች ናቸው፤ ከአይላ፥ ከክሊስማ፥ ከፋራሳን፥ ከህንድም ሳይቀር የመጡ። ንጉሡ ያሠራቸው 10 ናቸው ይላል። ፕሮኮፒየስ ደግሞ የዚያ ባሕር መርከቦች በብረት ምስማር ሳይሆን በገመድ ታስረው እንደሚሠሩ ጽፏል። «የካሌብ መርከብ» የሚሉን ሰዎች የትኛውን ሊቀዱልን ነው? በተሰፋ ሳንቃ፥ በሸራ ብቻ፥ ጥያቄ ሆኖ ቀይ ባሕርን የሚሻገር ከሆነ የመጀመሪያው አጨብጫቢ እኔ ነኝ። ነገር ግን ያሰቡት ያ አይደለም። ያሰቡት ሞተሩን ከሥር ደብቆ፥ የአክሱምን ሐውልት ከፊቱ ቀርጾ፥ አስተናጋጁን እጀ ጠባብ አልብሶ የሚንሳፈፍ ራት ቤት ነው። ደሴዬው ልጅ ከዱባይ ተመልሶ ባሕር ዳር ላይ ያንኑ ሥራ ይሠራል፤ ልብሱ ብቻ ይለወጣል።

«ታንኳን አጓጉዞ ገንዘብ የሚገኝ መሰለህ? አደጋም አለው፤ እነዚያስ ሰዎች ሞተር አይመኙም?» ይሉኛል። የመጨረሻው ጥያቄ እውነተኛ ነው። ታንኳ ቀላል ኑሮ አይደለም፤ ወገብ ይሰብራል፥ እግር ያበሰብሳል። የቀዛፊው ልጅ ሞተር ቢሻ ወይም መሐንዲስ ቢሆን መብቱ ነው፤ ለእኔ ፎቶግራፍ ሲል እዚያው ይቆይ አልልም። ዛሬ ግን ልጁ የመረጠው ነገር የለም፤ መሬቱም ደንገሉም ሲነጠቁ ማንም ፈቃዱን አልጠየቀውም። አደጋውን በተመለከተ፥ በነፍስ ማዳኛ ሰደርያና ከዳር ባለመራቅ የሚቀለል ነው። ገንዘቡም ቢሆን የተሰወረ አይደለም። ሰዎች ቅጂ ላይ ለመሳፈር እየከፈሉ ሳሉ ዋናው ላይ ለመሳፈር፥ ሲታሰርም ቁጭ ብሎ ለማየት የማይከፍሉበት ምክንያት አይታየኝም፤ ክፍያው ለሠሪውና ለቀዛፊው እጅ በእጅ ከደረሰ።

ለቅጂው ይውጣ የሚባለው ገንዘብ መጀመሪያ ሐይቁ ዳር ይውረድ። እርሻም ሆቴልም የማይነካው የደንገል ስፍራ ይከለል፤ አስተዳዳሪዎቹም የነገደ ወይጦ ሰዎች ይሁኑ፤ ዘበኛ ሆነው ሳይሆን ባለቤት ሆነው። ቤታቸው ከሐይቁ እንዳይርቅ የይዞታ ወረቀት ይሰጣቸው።

ይህ ሳይሆን የመርከብ ንድፍ ይዘው ለሚመጡት፥ ለጀሞ የቡና ወዳጆቼም ጭምር፥ አንዲት ጥያቄ ብቻ አለችኝ። የዛሬ ሃያ ዓመት አንድ ሌላ ሰው ተነሥቶ «የጣናን ታንኳ ቅጂ እንሥራ» ሲል ደንገሉን ከየት ልትሰጡት ነው? አስሮ የሚያሳየውስ ማን ነው?