ወራሽ ሳይጠራ ውርስ አይከፈል

ለአማራ ክልል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት
ባሕር ዳር

ክቡርነትዎ፣

ይህን የምጽፍልዎ በሰሜን ሸዋ የውርስ ክፍፍል ክስ ሲታይ ከመዝገቡ ውጭ ስለሚቀሩ ወራሾች ነው። ለምሳሌ ወላጆች ሲያልፉ አንኮበር ወረዳ ጎረቤላ አካባቢ የእርሻ መሬትና ባሕር ዛፍ፣ ደብረ ብርሃን ላይ ደግሞ ቤት ይተዋሉ። ቅርብ ያሉት ሁለት ወንድማማቾች የወራሽነት ማስረጃ ያወጡና አንዱ ሌላውን ይከሳል። ፍርድ ቤቱም የቀረቡለትን ሁለቱን ሰምቶ ያካፍላቸዋል። ቤይሩት ለሥራ የሄደችው እህት፣ አባት ከጋብቻ ውጭ የወለዱት ልጅ፣ ቀድሞ የሞተው ወንድም ሕፃናት በመዝገቡ የሉም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ግን ለልጆች ሁሉ እኩል ድርሻ ይሰጣል፤ ቀድሞ በሞተውም ልጅ ፋንታ ልጆቹ ይገባሉ።

ችግሩ ከሕጉ አይደለም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 40 በክርክሩ ሊኖር የሚገባው ሰው ፍርድ ከመሰጠቱ በፊት ተከራካሪ ሆኖ እንዲገባ ለማዘዝ ለዳኛው ሥልጣን ይሰጠዋል። በተግባር የሚሰማው መልስ ግን «ወራሽ ነኝ የሚል ራሱ ጣልቃ ይግባ» የሚል ነው። ቁጥር 41 ጣልቃ መግባትን ይፈቅዳል፤ ክስ መኖሩን ያላወቀ ሰው ግን በምን ይገባል? በጋዜጣ የወጣ ጥሪ ቤይሩት ያለችውን እህት ቀርቶ ጎረቤላ ያለውን ገበሬም አያገኘውም። በዞኑ የጸጥታ ችግር መንገድ ሲዘጋማ የሰማውም ችሎት አይደርስም።

ከፍርድ በኋላ የቀረው በር በዚሁ የሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 358 መሠረት የሚቀርብ ተቃውሞ ነው። ሕጉም ተቃውሞው ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት እንዲቀርብ ይጠይቃል። ቤቱ በሐራጅ ተሽጦ ገንዘቡ ከተከፋፈለ በኋላ የምትሰማው እህት አዲስ ክስ ልታቀርብ ነው። እዚህ ላይ ሕዝባችንን የሚጎዳ አንድ ነገር አለ። «ርስት በሺህ ዓመቱ ለባለቤቱ» እያልን፣ የውርስ መብት ጊዜ የማያልፍበት መስሎን አድገናል። ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ በፊት የመንዝም ሆነ የአንኮበር ሰው በአባቱም በእናቱም ወገን ቆጥሮ ርስት ይጠይቅ ነበር። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1000 ግን ወራሹ መብቱንና የንብረቱን በሌላ መያዝ ካወቀ በኋላ 3 ዓመት ብቻ ይሰጠዋል። እህቲቱ በስልክ «ቤቱን ወንድሞችሽ ያዙት» ሲሏት ድርሻዬ የት ይሄዳል ብላ ትቀመጣለች። ስትመለስ ክሱ በይርጋ ታግዷል ትባላለች።

ዳኞች የሚያነሱትን ስጋት አውቃለሁ፣ እውነትም አለበት። ወራሽ ነኝ ያለ ሁሉ ከገባ ክርክሩ አያልቅም፤ ጊዜ ለመግዛት የሐሰት ወራሽ የሚያመጣም አይጠፋም። ስለዚህ ጠያቂው የልደት ወይም የክርስትና ማስረጃ፣ ካልሆነም ቤተሰቡን የሚያውቁ ምስክሮች ያቅርብ። ወራሽነቱ ከተካደ ደግሞ «ማስረጃ አውጥተህ ና» ተብሎ አይሸኝ። ጥያቄው የመጀመሪያ ጭብጥ ሆኖ ተይዞ እዚያው መዝገብ ላይ ይወሰን። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ራሱ በቁጥር 944 ውርስ ማጣራትን ሲዘረዝር የሚያስቀድመው ወራሾቹ እነማን እንደሆኑ መለየትን ነው። በአጣሪ ሳያልፍ በቀጥታ የሚቀርብ የክፍፍል ክስ ከዚህ የሚያመልጥበት ምክንያት አይታየኝም።

ክቡርነትዎ፣ በክልሉ ላሉ የወረዳና ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች ሁሉ የአሠራር መመሪያ እንዲያወጡ እለምናለሁ። ከሳሽና ተከሳሽ በመጀመሪያው ቀጠሮ የሟችን ልጆች፣ ቀድሞ የሞቱ ልጆችን ልጆችና በሕይወት ያለውን ባል ወይም ሚስት ከነአድራሻቸው በመሐላ ያስመዝግቡ። ዘመድ የደበቀ ኪሳራውን ይክፈል፤ በሐሰት የማለም በሕግ ይጠየቅ። ጥሪው በጋዜጣ ብቻ ሳይሆን በቀበሌ ጽሕፈት ቤት ይለጠፍ፣ በሟች አጥቢያና በእድራቸውም ይነገር። ለሕፃናት ሞግዚት ይሾም። ይህ ሳይሟላም ቤት በሐራጅ እንዳይሸጥ፣ መሬትም እንዳይከፈል ይታዘዝ።