«ይቀጥላል» የሚለው ማን ነው?

ማታ ከሁለት ሰዓት በኋላ የጉና ብርድ ደብረ ታቦር ላይ ሲወርድ ሱቁ ይዘጋል፤ ሰው ጋቢውን ደርቦ ስልኩን ይከፍታል። «ክፍል 14 ተለቀቀ!» የአከራይና የተከራይ ጠብ፣ ከጎረቤት ልጅ ጋር የተያዘ ድብቅ ፍቅር፣ ከግቢ ግቢ ወሬ የምታመላልስ ሴትዮ። ታሪኩ ልብ ሰቅሎ ይቆማል። ከሥሩ «ይቀጥላል… 200 ላይክ ሲሞላ ቀጣዩ ይለቀቃል»፣ ከዚያ የቻናሉ ሊንክ፣ ከዚያ የጫማ ማስታወቂያ። ሁሉም አለ። የጸሐፊው ስም ብቻ የለም።

ይሄ መርሳት አይደለም። ጽሑፉ ከአንድ ሰው የፌስቡክ ገጽ ሲነሣ ስሙ አብሮት ነበር። የፊደል ግድፈቱን ሳይቀር እንዳለ የገለበጠ እጅ ስሙን ብቻ ለይቶ ቆረጠ። ለምን? አንባቢው ስሙን ካወቀ ክፍል 15ን ከባለቤቱ ገጽ ሄዶ ያነባላ! ያኔ ላይክ መለመኑም ይቀራል፣ የጫማው ማስታወቂያም ይሄዳል።

አድሚኖቹ ሲጠየቁ «እኛ እኮ አስተዋወቅንለት» ይላሉ። ማንን? ስም የሌለው ሰው እንዴት ነው የሚተዋወቀው? ሁለተኛው መልሳቸው «ራሱ በነጻ የለቀቀው ጽሑፍ ነው» የሚል ነው፤ እሱ ትንሽ ይሻላል። ግን ጠላዋን በነጻ የቀዳች ጎረቤት ጋኑን ተሸክማችሁ ሂዱ አላለችም። ሕጉም ቢሆን ግልጽ ነው። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 አንድ ሥራ ወጥ ሆኖ በጽሑፍ እስከ ሰፈረ ድረስ ምዝገባ ሳይጠይቅ ይጠብቀዋል፤ በደራሲነት ስሙ መጠራትንም ከገንዘቡ ለይቶ የራሱ መብት ያደርግለታል። ስልክ ላይ የተጻፈ ጽሑፍ ከዚህ አይወጣም። ለሁለት መቶ ላይክ ፍርድ ቤት የሚመላለስ ጸሐፊ እንደማይኖር ግን አድሚኑም ያውቃል፤ የልብ ልብ የሰጠውም ይሄው ነው።

ነገሩ በዚህ አገር ሲሆን ደግሞ የባሰ ያሳፍራል። ደቡብ ጎንደር የድጓው ቤተልሔም፣ የዝማሬ መዋሥዕቱ ዙር አምባ የሚገኙበት ምድር ነው። የቆሎ ተማሪ የሰማውን ቅኔ ለጓደኛው ሲያሰማ «የእገሌ ነው» ብሎ ባለቤቱን ይጠራል። ወረቀት ሳይኖር፣ በቃል ብቻ፣ የመምህራን ስም ከነቅኔያቸው ትውልድ ተሻግሯል። «ቅኔ ዘረፈ» ማለት እዚህ ውዳሴ ነው፤ ከራሱ አመነጨ ማለት ነው። የቻናሎቹ ዘረፋ ግን ያኛው የምናውቀው ዘረፋ ነው።

በክፍል በክፍል የሚተላለፍ ታሪክም ዛሬ አልተፈጠረም። በ1958 ዓ.ም. የታተመው «ፍቅር እስከ መቃብር» በወጋየሁ ንጋቱ ድምፅ በሬዲዮ ሲተረክ መጽሐፉን ዓይኑ ያላየው ሰው ሁሉ ተከታትሎታል። የወጋየሁ ድምፅ የሐዲስ ዓለማየሁን ስም ዋጠ ወይ? እንዲያውም ከአባይ ማዶና ከአባይ ወዲህ በየቤቱ አስገባው። በፌስቡክ ዘመንም አሌክስ አብርሃም የሰፈር ወጎቹን ገጹ ላይ ሲጽፍ ከረመ፤ «ዶክተር አሸብር» መጽሐፍ ሆኖ ሲወጣ ገዢው ከመደብር የጠየቀው በስሙ ነው። ስሙ በየቻናሉ እየተቆረጠ ቢደርሰው ኖሮ ያ ገዢ ማንን ብሎ ይጠይቅ ነበር?

አንባቢው ላይ መፍረድ ግን ይከብዳል። ከ2015 ዓ.ም. ሐምሌ መጨረሻ በኋላ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለብዙ ወራት ተቋርጦ ነበር። በደካማ ኔትወርክ የፌስቡክ ገጽ እስኪከፈት ሲጠብቅ ያመሸ ሰው፣ ቴሌግራም ላይ በአንዴ የሚወርድለትን ጽሑፍ ቢያነብ ምን ይባላል? ለፋርጣም ሆነ ለጋይንት ሰው ታሪክ ያደረሰ ቻናል ለማድረሱ ይመስገን። ቢሆንም አንድ መስመር ስም ስንት ኪሎባይት ይበላል? የጫማው ፎቶ ስንት እጥፍ ይበልጠዋል?

እስቲ የሃያ ሁለት ዓመት ተማሪ ይታሰብ። ደብረ ታቦር ተከራይቶ የሚኖርበትን ግቢ፣ አከራዩን፣ የውሃ ወረፋውን በየማታው እየጻፈ ይለቃል። ዘጠነኛው ክፍል ላይ እናቱ «ይችን ታሪክ አንብባት፣ የኛን ሰፈር ትመስላለች» ብለው የራሱን ጽሑፍ፣ ያለ ስሙ፣ ከሌላ ቻናል ይልኩለታል። የኔ ነው ይበላቸው? በምን ያስረዳቸዋል? አሥረኛውን ክፍልስ በምን አንጀቱ ይጻፍ?

ከየክፍሉ ሥር «ቀጥል»፣ «ቶሎ ልቀቁት» የሚል ኮሜንት በመቶ ይቆጠራል። «የማን ጽሑፍ ነው?» የሚል ግን ፈልጎ ማግኘት ያስቸግራል። ክፍል 15 ነገ ማታ ይለቀቃል፤ ቀድሞ የሚጠይቅ ሰው ካለ ኮሜንቱ ክፍት ነው።