ሾንኬን የሚያስጎበኘን ማን ይሁን?

በእኔ አስተያየት የትምህርት ክፍላችን የአንድ ቀን ጉብኝት ወደ ሾንኬ ቢሆን ጥሩ ነው። ሾንኬ ከከሚሴ ብዙም ሳትርቅ በተራራ አናት ላይ የተቆረቆረች ጥንታዊ የአርጎባ መንደር ናት። እ.ኤ.አ. በ1937 ያረፉት ታላቁ ዓሊም ሼህ ጀውሃር ቢን ሐይደርም ስማቸው የሚነሳው ከእሷ ጋር ነው።

ታዲያ አስጎብኚያችን ከከተማ ይዘነው የምንሄደው ሰው ሳይሆን የመንደሩ ተወላጅ ይሁን። የከተማው ሰው የድንጋይ ቤቶቹን ዕድሜ ይነግረን ይሆናል፤ ጣሪያው ሲያፈስ እንዴት እንደሚጠገን የሚያውቀው ግን ነዋሪው ነው። ክፍያውም እዚያው ይቀራል። ወጣቱ እንጀራ ፍለጋ ወደ ሜዳው ወርዶ ካለቀ ቤቶቹን ማን ያድሳል? ፎቶ ብቻ አንስተን ከተመለስንማ ምኑን ጎበኘነው!